ከካይዙካ እስከ ቶኪዮ፦ የአሠልጣኝ ሂሮፉሚ ዳይማትሱ ሕይወትና ሥራ

ጥቅምት 11 ቀን 1957 ዓ.ም. አበበ ቢቂላ በቶኪዮ ጎዳናዎች ሮጦ ሁለተኛውን የኦሎምፒክ ማራቶን ድል የተቀዳጀበት ዕለት በአገራችን የሚዘነጋ አይደለም፡፡ ከሁለት ቀን በኋላ፣ ጥቅምት 13 ቀን ማታ፣ በዚያችው ከተማ አስተናጋጆቹ ጃፓኖች በበኩላቸው እስከ ዛሬ የሚያነሡትን ድል አገኙ፡፡ በኮማዛዋ የስፖርት አዳራሽ የጃፓን ሴቶች የመረብ ኳስ ቡድን የሶቪየት ኅብረትን ቡድን ሦስት ለባዶ አሸነፈ፡፡ በቶኪዮና በአካባቢዋ ጨዋታውን በቴሌቪዥን የተከታተለው ሕዝብ 66.8 በመቶ ነበር፡፡ ይህ ቁጥር በጃፓን የስፖርት ሥርጭት ታሪክ እስካሁን የሚበልጠው አልተገኘም፡፡

ይህን ቡድን ያሠለጠነው ሰው ሂሮፉሚ ዳይማትሱ ይባላል፡፡ የስፖርት መምህርነት መደበኛ ሙያው አልነበረም፡፡ በአንድ የጥጥ መፍተያ ፋብሪካ ቢሮ የሚሠራ፣ የ43 ዓመት ዕድሜ ያለው የኩባንያ ሠራተኛ ነበር፡፡ ተጫዋቾቹም ቢሆኑ አብዛኞቹ የዚያው ፋብሪካ ሠራተኞች ነበሩ፡፡ ስለዚህ የዳይማትሱ ታሪክ የስፖርት ታሪክ ብቻ ሳይሆን፣ ሌሎች ሰዎችን እየመራ ሥራ ማስፈጸም ያለበትን ሰው ሁሉ የሚመለከት ታሪክ ነው፡፡ አንድ ኃላፊ ከሥሩ ካሉት ሰዎች ምን ያህል ሊጠይቅ ይገባዋል? ጥሩ ውጤት መገኘቱስ የተጠየቀውን ሁሉ ትክክል ያደርገዋልን? የእርሱን ሕይወት የሚመረምር ሰው ከእነዚህ ጥያቄዎች ሊያመልጥ አይችልም፡፡ ከዚህ ቀጥሎ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው፡፡

ልጅነትና የጦርነት ዘመን

ዳይማትሱ የተወለደው የካቲት 12 ቀን 1921 በሺኮኩ ደሴት፣ በካጋዋ አውራጃ፣ ኡታዙ በምትባል የባሕር ዳር ከተማ ነው፡፡ መረብ ኳስ በ1895 በአሜሪካ አገር በሆልዮክ ከተማ በዊልያም ሞርጋን የተፈለሰፈ ጨዋታ ሲሆን፣ ወደ ሩቅ ምሥራቅ ከተሻገረ በኋላ ግን በዚያ የራሱን መልክ ይዞ አድጓል፡፡ በጃፓን በአንድ ወገን የሚሰለፉት ተጫዋቾች ዘጠኝ ነበሩ፤ እያንዳንዱም ተጫዋች በተመደበለት ቦታ ጸንቶ ይጫወት ነበር፡፡ ዳይማትሱ በንግድ ትምህርት ቤትና በኋላም በክዋንሴይ ጋኩይን ሲማር ይህንኑ ጨዋታ ተጫውቷል፡፡ ትምህርቱን እንደ ፈጸመ በ1941 ኒቺቦ በሚል አጭር ስም በሚታወቀው ታላቅ የጥጥ ፈትል ኩባንያ ተቀጠረ፡፡ ይሁን እንጂ ብዙ ሳይቆይ ለጦር አገልግሎት ተጠራ፡፡

በውትድርና ካሳለፋቸው ዓመታት ሁሉ በሕይወቱ ላይ ጥልቅ ምልክት የተወው በ1944 የተካሄደው የኢምፋል ዘመቻ ነው፡፡ በዚያ ዓመት የጃፓን ጦር ከበርማ ተነሥቶ፣ በደን የተሸፈኑትን ተራሮች ተሻግሮ፣ በሕንድ ድንበር ውስጥ ያለችውን ኢምፋልን ለመያዝ ዘመተ፡፡ አዛዦቹ ስንቁ የሚበቃው ለጥቂት ሳምንታት ብቻ መሆኑን እያወቁ፣ የጎደለውን የወታደሩ ወኔ ይሞላዋል ብለው አስበው ነበር፡፡ ኢምፋል ግን አልተያዘችም፡፡ የክረምቱ ዝናም ሲወርድ ጦሩ ያለ ምግብና ያለ መድኃኒት በጭቃ ውስጥ ወደ ኋላ ተመለሰ፡፡ ካለቀው ወታደር ውስጥ የሚበዛው በጥይት ሳይሆን በረኃብና በበሽታ የሞተ ነው፡፡

ዳይማትሱ በዚህ ዘመቻ የአንድ አነስተኛ ክፍል መሪ መኮንን ነበር፡፡ ከሞት ተርፎ ጦርነቱ ሲያበቃ በእንግሊዞች እጅ ወድቆ በራንጉን እስረኛ ሆነ፤ ወደ አገሩ የተመለሰውም በ1947 ነው፡፡ ከዚያ መከራ ይዞት የወጣው እምነት አንድ ነበር፡፡ ሰው ከዚህ በላይ አልችልም ብሎ የሚቆምበት ቦታ የአቅሙ እውነተኛ ወሰን አይደለም፤ ወሰኑ ከዚያ እጅግ ይርቃል የሚል ነው፡፡ በኋላ ያሠለጠነበት ዘዴ ሁሉ በዚህ እምነት ላይ የተመሠረተ ነው፡፡ ሆኖም ኢምፋል ለሚመረምራት ሰው ሌላ ትምህርትም አላት፡፡ ይኸውም ስንቅ ያልተሰናዳለት ትእዛዝ የቱንም ያህል ወኔ ቢታከልበት ሰው ከመፍጀት በቀር ውጤት የማያመጣ መሆኑ ነው፡፡ ዳይማትሱ በሥራው ከሁለቱ ትምህርቶች የትኛውን ይበልጥ እንደተከተለ የሚታየው በካይዙካ ነው፡፡

የካይዙካ ቡድን

ከእስራት ከተመለሰ በኋላ ዳይማትሱ በኩባንያው ሥራውን ቀጠለ፡፡ በዚያን ዘመን የጃፓን የጥጥ ፋብሪካዎች ከየገጠሩ የመጡ ብዙ ወጣት ሴቶችን በየግቢያቸው ባሠሩት መኖሪያ ያሳድሩ ነበር፡፡ መረብ ኳስ ለእነዚህ ሠራተኞች የተመቸ ጨዋታ ሆኖ ተገኘ፤ አንድ ኳስ፣ አንድ መረብና ጥቂት ሜዳ ከተገኘ ሌላ ወጪ አይጠይቅምና፡፡ ፋብሪካዎቹ እርስ በርሳቸው ይወዳደሩ ስለ ነበር የቡድኑ ስም የኩባንያው ስም ማስታወቂያ ሆነ፡፡ በ1950ዎቹ መጀመሪያ ኒቺቦ በልዩ ልዩ ፋብሪካዎቹ ያሉትን ጥሩ ተጫዋቾች ከኦሳካ በስተ ደቡብ በሚገኘው በካይዙካ ፋብሪካው አሰባስቦ አንድ ብርቱ ቡድን ለማቋቋም ወሰነ፤ ኃላፊነቱንም ለዳይማትሱ ሰጠ፡፡

የካይዙካ ልጃገረዶች የቀን ውሎ ለማንኛውም የፋብሪካ ሰው የሚገባ ነው፡፡ ከጥዋቱ 2 ሰዓት ጀምረው እንደ ማናቸውም ሠራተኛ በቢሮ ይውላሉ፡፡ ከቀትር በኋላ ሥራው ሲያበቃ ልብስ ለውጠው ወደ ልምምድ አዳራሽ ይገባሉ፡፡ ልምምዱ እስከ እኩለ ሌሊት፣ አንዳንዴም ከዚያ አልፎ ይዘልቃል፡፡ በማግሥቱ ጥዋት ደግሞ በሰዓቱ በሥራ ገበታቸው ላይ መገኘት አለባቸው፡፡ ዳይማትሱም የቢሮ ሥራውን ጨርሶ ወደ አዳራሹ ይመጣና በየምሽቱ እርሱ ራሱ ለእያንዳንዷ ተጫዋች ኳስ ሲወረውር ያመሻል፡፡ የሚወረውረውም ልትደርስበት ከምትችለው ቦታ ጥቂት አለፍ አድርጎ ነው፡፡ የደከመችው እንድትቀጥል በሚያስቆጣ ቃል ይናገራታል፡፡ የተጎዳ ጣት ወይም የበለዘ ጎን ለዕረፍት በቂ ምክንያት ተደርጎ አይቆጠርም ነበር፡፡ በ1947 የወጣው የጃፓን የሥራ ሕግ ለሴት ሠራተኞች በወር አበባ ጊዜ ዕረፍት ይፈቅድ ነበር፤ በዳይማትሱ አዳራሽ ግን ይህ ዕረፍት ቦታ አልነበረውም፡፡ ጋዜጦች ሰይጣኑ ዳይማትሱ የሚል ቅጽል ስም ያወጡለት ያለ ምክንያት አይደለም፡፡

የቡድኑ አምበል ማሳኤ ካሳይ ትባላለች፡፡ በ1933 የተወለደች፣ ቁመቷ 1 ሜትር ከ74 ሴንቲ ሜትር የሆነ፣ በሜዳ ላይ የቡድኑን አሳብ የምታቀናጅ ተጫዋች ነበረች፡፡ በእርሷ መሪነት የካይዙካ ቡድን ከ1959 አንሥቶ ሽንፈትን ዘነጋ፡፡ እስከ 1966 ድረስ የቆየው ተከታታይ ድል 258 ጨዋታ ደርሷል፡፡ የመጨረሻዎቹ ድሎች የተገኙት ዳይማትሱ ቡድኑን ከለቀቀ በኋላ ቢሆንም የተዘሩት በእርሱ ዘመን ነው፡፡

የቁመት ችግርና መፍትሔው

በዘጠኝ ሰው የሚደረገው የሩቅ ምሥራቅ ጨዋታ ከተቀረው ዓለም ጋር አያገናኝም ነበር፡፡ በአውሮፓና በአሜሪካ የሚሠራበት ደንብ በየወገኑ ስድስት ተጫዋቾች እየተዘዋወሩ የሚጫወቱበት ነው፡፡ በ1957 ዓለም አቀፉ የኦሎምፒክ ኮሚቴ በቡልጋሪያ ዋና ከተማ በሶፊያ ሲሰበሰብ መረብ ኳስ ለአባላቱ ታየ፤ ወደ ኦሎምፒክ የሚገባበትም በር ተከፈተ፡፡ ጃፓኖችም ፊታቸውን ወደ ስድስቱ ሰው ጨዋታ አዞሩ፡፡ በ1960 በሪዮ ዴ ጃኔሮ በተደረገው የዓለም ሻምፒዮና የጃፓን ሴቶች ለመጀመሪያ ጊዜ ተካፍለው ከሶቪየት ኅብረት ቀጥሎ ሁለተኛ ወጡ፡፡ ለአዲስ ገቢ ይህ መልካም ውጤት ነበር፡፡ ዳይማትሱ ግን ከሪዮ የተመለሰው የተሸነፈበትን ምክንያት በግልጽ ለይቶ ነው፡፡

የሶቪየት ተጫዋቾች ረጃጅሞችና ጉልበተኞች ነበሩ፡፡ የሴቶች መረብ ከመሬት 2 ሜትር ከ24 ሴንቲ ሜትር ከፍ ብሎ ስለሚዘረጋ፣ ከመረቡ በላይ ረዘም ያለ እጅ ያለው ወገን ኳሱን ወደ ታች በኃይል ለመምታት ይመቸዋል፡፡ ቁመትን በልምምድ ማርዘም አይቻልም፡፡ ስለዚህ ችግሩን መረቡ ላይ ለመፍታት ከመድከም ይልቅ፣ የተመታው ኳስ መሬት እንዳይነካ በማድረግ መፍታት ይሻል ነበር፡፡ በመረብ ኳስ ኳሱ መሬት ካልነካ የተመታበት ኃይል ብቻውን ነጥብ አያስገኝም፡፡

ጥያቄው በዚህ መልክ ከተቀመጠ በኋላ መልሱ የእንቅስቃሴ ጥናት ጉዳይ ሆነ፡፡ አንድ ወገን የሚጠብቀው ሜዳ በየጎኑ 9 ሜትር ነው፤ ይህን ስፋት የሚሸፍኑት ስድስት ሰዎች ናቸው፡፡ ሩቅ የወደቀውን ኳስ ለማንሣት ተጫዋቿ መሬት ላይ መወርወር አለባት፡፡ ከወደቀች በኋላ ተነሥታ ቦታዋን እስክትይዝ ድረስ ግን ቡድኑ በአምስት ሰው ይቀራል፤ ጠላትም ይህን ክፍተት ይጠቀምበታል፡፡ ከዚህም ሌላ ሰውነት በአንድ ነጥብ ላይ በቅጽበት ሲጋጭ ይጎዳል፡፡ ዳይማትሱ መፍትሔውን ያገኘው ከታች ክብደት ተደርጎበት ሲገፉት ተመልሶ ከሚቆም የልጆች አሻንጉሊት እንደሆነ ይነገራል፡፡ ተጫዋቿ በጎኗ ተወርውራ ኳሱን ካነሣች በኋላ ሳትቆም በትከሻዋና በጀርባዋ ላይ ተንከባልላ፣ የወደቀችበትን ፍጥነት ለመነሻ ተጠቅማ በእግሯ ትቆማለች፡፡ በዚህም ግጭቱ በሰፊ የሰውነት ክፍል ላይ ይከፋፈላል፤ መውደቅና መነሣት የነበሩት ሁለት ድርጊቶችም አንድ ይሆናሉ፡፡ የጁዶ ተማሪዎች ሲወድቁ ከሚጠቀሙበት ዘዴ ጋር የተቀራረበ ነው፡፡ ይህ የመንከባለል ዘዴ በኋላ በዓለም ሁሉ ተስፋፍቶ የመረብ ኳስ ትምህርት አንድ ክፍል ሆኗል፡፡

ሁለተኛው መሣሪያ ጨዋታ ማስጀመሪያው ምት፣ ሰርቭ የሚባለው ነው፡፡ የካይዙካ ተጫዋቾች ኳሱ ሳይሽከረከር እንዲበር አድርገው መምታትን ተማሩ፡፡ ሚዛኑ ከ260 እስከ 280 ግራም የሆነ ኳስ ሳይሽከረከር ሲላክ፣ በዙሪያው የሚያልፈው አየር ከኳሱ ጀርባ የሚላቀቅበት ቦታ ወጥ አይሆንም፡፡ በዚህ የተነሣ ከጎን የሚገፋው ኃይል በየቅጽበቱ ይለዋወጣል፤ ኳሱም እንደሚረግፍ ቅጠል ይዋልላል፤ ወይም ሳይታሰብ ቁልቁል ይወርዳል፡፡ ለዚህ ምት ቁመትም ሆነ ብዙ ጉልበት አያስፈልግም፤ የሚያስፈልገው የእጅ ትክክለኛነት ነው፡፡

እነዚህን ሁለት ዘዴዎች የተመለከተ ሰው ዳይማትሱ በወኔ ብቻ የሚያምን ሰው እንዳልነበረ ይረዳል፡፡ የጎደለውን ለይቶ፣ በእጁ ባለው ነገር የሚተካበትን መንገድ ቀይሷል፡፡ ይህም ለኢምፋል ጦር ያልተሰናዳለት ስንቅ ነበር ማለት ይቻላል፡፡ ዳሩ ግን መንከባለሉን እስኪለምዱት ድረስ ልጃገረዶቹ በጠንካራው ወለል ላይ በመቶና በሺህ ለሚቆጠር ጊዜ ወድቀዋል፡፡ ዘዴው ሰውነትን ከጉዳት የሚጠብቅ ሆኖ ሳለ ዘዴው የተማሩበት መንገድ ግን ሰውነታቸውን አቁስሏል፡፡

ከሞስኮ ድል እስከ ቶኪዮ

በ1961 ቡድኑ ወደ አውሮፓ ተጉዞ ባሸነፈባቸው ግጥሚያዎች የምሥራቅ ጠንቋዮች የሚል ስም አተረፈ፡፡ በ1962 የዓለም ሻምፒዮና በሞስኮ ተደረገ፡፡ የሶቪየት ሴቶች ከ1952 ጀምሮ የተደረጉትን ሦስት የዓለም ሻምፒዮናዎች ሁሉ አሸንፈው ነበር፤ አሁን ደግሞ በገዛ ከተማቸው፣ በገዛ ሕዝባቸው ፊት ይጫወታሉ፡፡ ጃፓኖች የመጀመሪያውን ዙር ቢሸነፉም ቀጣዮቹን ሦስት አከታትለው ወስደው ሻምፒዮን ሆኑ፡፡

ዳይማትሱና ተጫዋቾቹ የታገሉለት ግብ ይህ ነበርና ከሞስኮ ድል በኋላ ለመሰናበት አሰቡ፡፡ ተጫዋቾቹ በዚያን ጊዜ በጃፓን ሴት ልጅ ታገባበታለች ተብሎ ወደሚጠበቀው ዕድሜ ደርሰው ነበር፤ አንዳንዶቹም አልፈውት ነበር፡፡ ዳይማትሱም ሚስትና ልጆች ያሉት፣ ቤቱን በሌሊት ብቻ የሚያውቅ ሰው ሆኖ ነበር፡፡ ነገር ግን በዚያው ወራት መረብ ኳስ በቶኪዮ ኦሎምፒክ በሴቶችም እንደሚደረግ የታወቀ በመሆኑ የሕዝቡ ግፊት በረታ፡፡ በሺህ የሚቆጠሩ ደብዳቤዎች ወደ ካይዙካ ጎረፉ፡፡ ከብዙ ምክክር በኋላ በ1963 መጀመሪያ እስከ ቶኪዮ ለመቀጠል ተስማሙ፡፡ ተጫዋቾቹ ዘግይተው ሲናገሩ ይህን ውሳኔ የራሳቸው ውሳኔ አድርገው አቅርበዋል፤ በአሠልጣኛቸው ተገድደው የኖሩ ምስኪኖች ተደርገው መቆጠራቸውንም አልወደዱትም፡፡ ይህ ምስክርነት ሊዘለል አይገባውም፡፡ ይሁን እንጂ ቀጣሪያቸው፣ አሠልጣኛቸውና አገራቸው በአንድነት በሚጠብቁበት ጊዜ እምቢ ማለት ለአንዲት የፋብሪካ ሠራተኛ ምን ያህል ቀላል እንደነበረ ማሰብም ተገቢ ነው፡፡

በ1963 ዳይማትሱ ተከተሉኝ የሚል ትርጉም ያለው ርእስ የሰጠውን መጽሐፍ አሳተመ፤ መጽሐፉም በብዙ ተሸጠ፡፡ የጃፓንዋ የፊልም አዘጋጅ ኖቡኮ ሺቡያ በልምምዱ ላይ የሠራችው አጭር ፊልም ደግሞ በ1964 በካን የፊልም በዓል የአጭር ፊልም ታላቁን ሽልማት ተካፈለ፡፡ ፊልሙ በውጭ አገር የታየበት ርእስ የድል ዋጋ የሚል ነበር፡፡ በወለሉ ላይ እየወደቁ የሚነሡትን ልጃገረዶች ያዩ የውጭ አገር ሰዎች ዘዴውን ከማድነቅ ይልቅ የሚበዙት በጭካኔው ተደናገጡ፡፡ በጃፓን ግን ያው ትዕይንት ከጦርነቱ ሽንፈት በኋላ ፋብሪካዎቹን በድካም መልሶ ያቆመው ሕዝብ ራሱን ያየበት መስተዋት ሆነ፡፡

የቶኪዮው ውድድር የመረብ ኳስ የመጀመሪያው የኦሎምፒክ ውድድር ነበር፤ ለሴቶችም ቢሆን በኦሎምፒክ የተፈቀደ የመጀመሪያው የቡድን ኳስ ጨዋታ ነው፡፡ ጃፓን በውድድሩ ሁሉ የተሸነፈችው አንድ ዙር ብቻ፣ እርሱም ከፖላንድ ጋር በነበረው ግጥሚያ ነው፡፡ በመጨረሻው ቀን ከሶቪየት ኅብረት ጋር ሲገናኙ የመጀመሪያውን ዙር 15 ለ 11፣ ሁለተኛውን 15 ለ 8 አሸነፉ፡፡ በሦስተኛው ዙር 14 ነጥብ ከደረሱ በኋላ ግን የመጨረሻዋ ነጥብ አልገኝ አለች፡፡ በዚያን ጊዜ ደንብ ነጥብ የሚቆጠረው ሰርቭ ላደረገው ወገን ብቻ ስለ ነበር፣ ኳሱ ከወገን ወገን ሲመላለስ የሶቪየት ቡድን ቀስ በቀስ 13 ደረሰ፡፡ በመጨረሻ አንዲት የሶቪየት ተጫዋች ከመረቡ አሻግራ ኳሱን በመንካቷ ዳኛው ጥፋት ቆጠረባትና ጨዋታው 15 ለ 13 ተፈጸመ፡፡ ተጫዋቾቹ ተቃቅፈው አለቀሱ፡፡ ኮን ኢቺካዋ ስለ ቶኪዮ ኦሎምፒክ በሠራው ፊልም ላይ በዚያች ሰዓት ዳይማትሱ ከደስታው ርቆ፣ ለብቻው ቆሞ፣ የሚያደርገው የጠፋው ሰው መስሎ ይታያል፡፡

ከድሉ በኋላ

ዳይማትሱ ከኦሎምፒኩ በኋላ የካይዙካን ቡድን ለቀቀ፤ ነባር ተጫዋቾቹም በየተራ ተሰናበቱ፡፡ አምበሏ ካሳይ በቶኪዮ ስትጫወት 31 ዓመቷ ነበር፡፡ በጠቅላይ ሚኒስትር ኤይሳኩ ሳቶ አማካይነት ከተዋወቀችው የመከላከያ ኃይል ባልደረባ ጋር በ1965 ተጋባች፤ በኋላም የእናቶችን መረብ ኳስ በማስፋፋት ብዙ ዓመት ሠርታ በ2013 አረፈች፡፡

በ1965 ዳይማትሱ በቻይናው ጠቅላይ ሚኒስትር በቹ ኤንላይ ግብዣ ወደ ቻይና ሄደ፡፡ በሁለቱ አገሮች መካከል ያለው የዲፕሎማሲ ግንኙነት የተመሠረተው በ1972 በመሆኑ ጉዞው በዚያን ጊዜ ያልተለመደ ነበር፡፡ በሻንጋይ ለአንድ ወር ያህል የቻይና ሴት ተጫዋቾችን በካይዙካው ዓይነት አሠለጠነ፡፡ የባህል አብዮት የተባለው ሁከት በ1966 ሲጀመር የቻይና ስፖርት ለዓመታት ቢስተጓጎልም የተዘራው ዘር አልጠፋም፡፡ በ1981 የቻይና ሴቶች በጃፓን በተደረገው የዓለም ዋንጫ ጃፓንን ራሷን ኦሳካ ላይ አሸንፈው ዋንጫውን ወሰዱ፡፡ ኦሳካ ከካይዙካ የምትርቀው ጥቂት ኪሎ ሜትር ነው፡፡ ዳይማትሱ ግን ይህን ለማየት በሕይወት አልነበረም፡፡

በ1968 በገዥው የሊበራል ዴሞክራቲክ ፓርቲ በኩል ለጃፓን የላይኛው ምክር ቤት ተመረጠ፡፡ አንድ የሥራ ዘመን ካገለገለ በኋላ በ1974 በድጋሚ ተወዳድሮ አልተመረጠም፡፡ በምክር ቤት የቆየባቸው ዓመታት እንደ አሠልጣኝነቱ ዘመን የሚነገርላቸው አይደሉም፡፡ የጃፓን ሴቶች በ1968ና በ1972 ሁለተኛ ከወጡ በኋላ በ1976 በሞንትሪያል ኦሎምፒክ አንድ ዙር እንኳ ሳይሸነፉ ወርቁን መልሰው ሲያገኙ ለማየት ግን በቅቷል፡፡

በመጨረሻዎቹ ዓመታት በየአገሩ እየተዘዋወረ ባለትዳር ሴቶችን መረብ ኳስ ያስተምር ነበር፡፡ ከቶኪዮው ድል በኋላ የእናቶች ቡድኖች በየሰፈሩ ተቋቁመው ነበርና፤ እነዚህ ሴቶች ወርቅ የማይጠብቁ፣ ለጤናና ለደስታ የሚጫወቱ ናቸው፡፡ ኅዳር 24 ቀን 1978 ለዚሁ ሥራ በኦካያማ አውራጃ ወደ ኢባራ ከተማ በሄደበት በድንገተኛ የልብ ሕመም አረፈ፤ ዕድሜው 57 ዓመት ነበር፡፡ በ2000 በሆልዮክ ከተማ በሚገኘው ዓለም አቀፍ የመረብ ኳስ የክብር አዳራሽ ስሙ ሰፈረ፡፡

የሥራው ፍርድ

ዳይማትሱ የተወው ቅርስ ሁለት ነው፡፡ አንደኛው ዘዴው ነው፤ መንከባለሉና የማይሽከረከረው ምት ከካይዙካ ወጥተው የዓለም ሀብት ሆነዋል፡፡ ሁለተኛው በጃፓንኛ ኮንጆ የሚባለው፣ በማይበገር ልብ መጽናት የሚለው አስተሳሰብ ነው፡፡ ቃሉ ከቶኪዮ በኋላ በትምህርት ቤቱም፣ በኩባንያውም፣ በስፖርቱም ቦታ መፈክር ሆነ፡፡ ዘዴውን ለመማር ዕውቀት ያስፈልጋል፤ ጭካኔውን ለመቅዳት ግን ሥልጣን ብቻ ይበቃል፡፡ ስለዚህ ብዙ አሠልጣኞች የዳይማትሱን ቁጣና የሌሊት ሰዓት ወስደው አሳቡን ተዉት፡፡ በ2013 ዐሥራ አምስት የጃፓን ሴት የጁዶ ስፖርተኞች በአሠልጣኞቻቸው እንደሚደበደቡ ያቀረቡት አቤቱታ ይፋ ወጥቶ አገሪቱ በስፖርት ውስጥ የሚፈጸመውን የኃይል ድርጊት በይፋ ለመኮነን ተገድዳለች፡፡ ለዚህ ሁሉ ዳይማትሱን ብቻ ተጠያቂ ማድረግ ፍርድ ማጓደል ይሆናል፤ ምሳሌነቱን ፈጽሞ መካድ ደግሞ እውነትን መሸሸግ ነው፡፡

ድሉ ከዘዴው ወይስ ከሌሊቱ ሰዓት መጣ ለሚለው ጥያቄ የካይዙካ ታሪክ ቁርጥ ያለ መልስ አይሰጥም፡፡ ዳይማትሱ ሁለቱን ለያይቶ አልሞከራቸውምና፡፡ ሁለት ነገር በአንድ ጊዜ ተለውጦ ውጤት ሲገኝ፣ ውጤቱ ከየትኛው እንደመጣ መናገር እንደማይቻል የመሐንዲስነት ሙያ ያስተምራል፡፡ የሚታወቀው ይህ ነው፡፡ ሪዮ ላይ የተሸነፈው ቡድንም ቢሆን እስከ እኩለ ሌሊት የሚለማመድ ቡድን ነበር፡፡ ከሪዮ በኋላ በሞስኮ የታየው ልዩነት፣ ችግሩ በትክክል ከተለየ በኋላ ድካሙ የሚያርፍበት ቦታ መገኘቱ ነው፡፡

ዳይማትሱ ከተጫዋቾቹ የጠየቀውን ከራሱም ጠይቋል፤ ከእነርሱ ጋር አብሮ አምሽቷል፤ ክብራቸውንም ተካፍሏል፡፡ ይህ በመሪነት ከሚመሰገንበት ነገር ሁሉ የሚበልጠው ነው፡፡ ቢሆንም መሪ ራሱ መከራውን ስለ ተካፈለ ብቻ በሌላው ላይ የሚጭነው ሸክም ልክ አይሆንም፡፡ በኢምፋል ተራሮች ከወታደሮቻቸው ጋር የተራቡ መኮንኖችም ነበሩ፤ ስንቅ ግን አልነበረም፡፡ የዳይማትሱ ሥራ የሚኖረው ሰውን እስከ ወሰኑ መግፋት በመቻሉ ሳይሆን፣ ሲወድቅ የሚነሣበትን መንገድ አስቀድሞ ስላሰበለት ነው፡፡